ቀለበው እንጂ አልያዘውም

ባለፈው ኅዳር አባባ ከአዲስ አበባ ሊጠይቁን መጥተው ነበር። የታንክስጊቪንግ፣ የአሜሪካኖቹ የምስጋና በዓል፣ ዕለት ነው። ቤቱን የዶሮ ወጥ ሽታ ሞልቶታል፤ ተርኪውም ለወጉ ያህል ምድጃ ውስጥ አለ። ቴሌቪዥኑ ላይ የአሜሪካ ፉትቦል እየታየ ነው፤ በዚህ ቀን ዲትሮይት በየዓመቱ ይጫወታል። አባባ ኳስ አዋቂ ናቸው። የሚያውቁት ግን በእግር የሚመታውን ነው። ይሄን ጫፍና ጫፉ የሾለ ኳስ ለግማሽ ሰዓት ያህል በትዕግሥት ሲያዩ ቆዩና ድንገት ከሶፋው ብድግ አሉ።

«ያዘው እኮ!»

አንድ ቁመተ ሎጋ ልጅ አየር ላይ ተንጠልጥሎ ኳሱን በሁለት እጁ ቀልቦት ነበር። ከዚያ በጎኑ ወደቀ። መሬት ሲመታው ኳሱ ሾልኮ ወጣ። ዳኛው ሁለት እጆቹን ግራና ቀኝ እያጠላለፈ «የለም» አለ።

«አልያዘውም አባባ።»

«በዓይኔ በብረቱ አየሁት እኮ! በሁለት እጁ!»

«መሬት ሲደርስ ለቀቀው።»

«ታዲያ ሳይዘው ምኑን ለቀቀው?»

እዚህ ላይ ዝም አልኩ። ጥያቄያቸው ልክ ነው። ይቺኑ ጥያቄ አሜሪካኖቹ ራሳቸው ለዓመታት ተጨቃጭቀውባታል፤ ደንቡን ጽፈው፣ ሰርዘው፣ ደግመው ጽፈዋል። በቤዝቦልም እንዲሁ ነው። ያን ቀን ለአባባ በቅጡ ያልመለስኩትን እዚህ ልሞክረው። ዓመታቱን ሁሉ የምጠራው በፈረንጆቹ አቆጣጠር ነው።

ከቋንቋችን ልጀምር፤ ምክንያቱም ለዚህ ጉዳይ አማርኛ ከእንግሊዝኛ ይሻላል። እነሱ «ካች» የምትል አንዲት ቃል ላይ ሁለት ነገር አጭቀውባታል። እኛ መቅለብ አለን፣ መያዝ ደግሞ ሌላ አለን። ቅልብልቦሽ የተጫወተች ሴት ሁሉ ልዩነቱን ታውቀዋለች። አንዷን ጠጠር ወደ ላይ ትወረውራለህ፣ መሬት ያሉትን ታፍሳለህ፣ የወረወርካትን መሬት ሳትነካ ትቀልባለህ። መቅለብ ቅጽበት ነው። አየር ላይ ያለው ነገር እጅህ ገባ፤ በቃ። መያዝ ግን ቆይታ ይፈልጋል። የቀለብካት ጠጠር ከጣቶችህ መሃል ሾልካ ብትወድቅ የሰፈሩ ልጆች «ወደቀች፣ ተራሽን ልቀቂ» ይላሉ፤ አንቺ ደግሞ «ከያዝኳት በኋላ ነው» ትያለሽ። ከዚያ ጭቅጭቅ ነው።

ሁለቱ ስፖርቶች ሚሊዮኖች እያዩት የሚጨቃጨቁት በዚሁ ነው። መቅለብ ከመቼ ጀምሮ መያዝ ይሆናል?

መጀመሪያ ፉትቦሉን እንይ። ለማያውቀው ሰው በአጭሩ፦ ኳሱ ያለው ቡድን 10 ያርድ ለመግፋት፣ ማለትም 9 ሜትር ገደማ፣ አራት ዕድል ይሰጠዋል። ከሞላለት እንደገና አራት ያገኛል። ኳርተርባክ የሚባለው ልጅ ኳሱን ወደ ፊት ይወረውራል፤ ሪሲቨር የሚባለው ሮጦ ይቀልባል። ካልያዘው ኳሱ ይሞታል። ሰዓቱ ይቆማል፤ ከነበሩበት ቦታ እንደገና ይጀምራሉ። አንድ ዕድል ተበላ፤ ሌላ ጉዳት የለም።

ከያዘው በኋላ ቢጥለው ግን ነገሩ ሌላ ነው። ያ ፈምብል ነው። ኳሱ በሕይወት አለ፤ ቀድሞ የወደቀበት ሰው የራሱ ያደርገዋል። ተቃራኒው ቡድን አንስቶት እስከ ጎሉ፣ ማለትም በሜዳው ጫፍ እስካለው ነጥብ ማስቆጠሪያ ክልል፣ ድረስ ሊሮጥበት ይችላል።

እንግዲህ ችግሩ ይታያችሁ። በዓይን ሲታይ ሁለቱም አንድ ናቸው፤ ኳስ ከሰው እጅ ወደቀ። በአንደኛው ምንም አልተፈጠረም። በሌላው ጨዋታው ተገለበጠ። ስለዚህ ደንብ አውጪው የሆነ ቦታ መስመር ማስመር አለበት። ቀደም አድርጎ ካሰመረው፣ ኳሱ ገና እጁ እንደገባ በተከላካይ የተመታ ምስኪን ሁሉ ፈምብል ጣለ ይባላል። ዘግየት አድርጎ ካሰመረው ደግሞ አባባን ብድግ ያደረጋቸው ዓይነት ነገር ይመጣል፤ ሕዝብ ሁሉ «ያዘው» ያለውን ዳኛ «አልያዘውም» ይላል። ለሁሉም የሚመች ቦታ የለም። እኔ እንደሚገባኝ ደንቡን ያወሳሰበው የጸሐፊዎቹ ስንፍና ሳይሆን ይሄ ነው።

ዛሬ በኤንኤፍኤል፣ ማለትም በትልቁ የፕሮፌሽናል ሊግ፣ አንድ ሰው ያዘ የሚባለው ሦስት ነገር ሲሟላ ነው። አንደኛ፣ ኳሱ መሬት ሳይነካ በእጁ ወይም በክንዱ መቆጣጠር አለበት። ሁለተኛ፣ ሜዳው ውስጥ በሁለት እግሩ መርገጥ አለበት። ሦስተኛው ነው አስቸጋሪው፤ ኳስ የያዘ ሰው የሚያደርገውን አንድ ነገር ማድረግ አለበት። ኳሱን ብብቱ ሥር መክተት፣ ወደ ፊት መዘርጋት፣ አንድ ተጨማሪ እርምጃ መራመድ፣ ተከላካይን መግፋት፣ ዞር ብሎ መሮጥ። ባያደርገው እንኳ ለማድረግ የሚበቃ ጊዜ ኳሱን ተቆጣጥሮ መቆየት አለበት።

ሁለተኛዋ ነጥብ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ለእኔ ከሁሉም የምታምረው እሷ ናት። ከመስመር ውጭ እየወደቀ ያለ ሰው ኳሱን ቀልቦ ሁለቱን የእግር ጣቶቹን ብቻ ሜዳው ውስጥ ጎተት ሲያደርግ የባሌ ዳንስ ይመስላል። መስመሩ ራሱ ውጭ ነው። በእግር ኳስ መስመሩ ሜዳ ውስጥ ስለሚቆጠር የኛ ሰው መጀመሪያ ላይ ግራ ይጋባል። ደግሞ ጉልበት ወይም ክርን ወይም መቀመጫ ሜዳውን ከነካ እንደ ሁለት እግር ይቆጠራል፤ አንዱ ይበቃል። እጅ ግን አይቆጠርም። ይሄ ሁሉ በፕሮፌሽናሉ ነው። በኮሌጅ ፉትቦል አንድ እግር በቂ ነው። ቅዳሜ የኮሌጅ፣ እሁድ የፕሮፌሽናል ጨዋታ የሚያይ ሰው ቅዳሜ የተያዘው ኳስ እሁድ አልተያዘም ሲባል ይሰማል።

አሁን ወደ መውደቁ እንመለስ።

እስከ 2018 ድረስ ደንቡ ሌላ ነበር። እየወደቀ የሚቀልብ ሰው መሬት መትቶ እስኪያበቃ ድረስ ኳሱን አጥብቆ መያዝ ነበረበት። ሦስት እርምጃ ቢራመድም እየተንገዳገደ ከሆነ እየወደቀ ነው ይባላል። መሬት ላይ ሲያርፍ ኳሱ ካመለጠው፣ ከዚያ በፊት ያደረገው ሁሉ እንዳልነበረ ይቆጠራል።

በመስከረም 2010 የዲትሮይቱ ካልቪን ጆንሰን ቺካጎ ላይ በመጨረሻዎቹ ሰከንዶች ጎሉ ውስጥ ዘሎ ኳሱን ቀለበ። ቡድኑ 19 ለ 14 እየተመራ ነበር፤ ያ ኳስ ማሸነፊያው ነበር። ሁለት እግሩ አረፈ፣ መቀመጫው አረፈ። ሊነሳ ሲል ኳሱን የያዘበትን አንድ እጁን መሬት ላይ አስደገፈ፤ ኳሱ እዚያው ቀረ። አልያዘም ተባለ። ቺካጎ አሸነፈ።

በጥር 2015 ደግሞ የዳላሱ ዴዝ ብራያንት ግሪን ቤይ ላይ፣ በጥሎ ማለፍ፣ ከአራቱ ዕድል የመጨረሻው ላይ ከተከላካዩ ጭንቅላት በላይ ዘሎ ኳሱን ነጠቀ። እየተንገዳገደ ተራመደና ወደ ጎሉ ተዘርግቶ ወደቀ። ግማሽ ያርድ ሲቀረው። ዳኞቹ መጀመሪያ ያዘ ብለው ነበር። የግሪን ቤይ አሠልጣኝ በሪፕሌይ፣ በተቀዳው ምስል፣ ይታይልን አለ። ታየ። ኳሱ መሬት ነክቶ ለቅጽበት ተንቀሳቅሷል፤ ተሻረ። ዳላስ 26 ለ 21 ተሸንፎ ወጣ። «ዴዝ ይዞታል» ዳላስ ውስጥ እስከ ዛሬ በካናቴራ ላይ ይጻፋል። የሚገርመው፣ በሁለቱም ጨዋታዎች የመሃል ዳኛው አንድ ሰው ነበር፤ ጂን ስቴራቶሬ። ሰውየው ደንቡን በትክክል ነው ያስፈጸመው። ጥፋቱ የደንቡ ነበር።

የግመሏን ወገብ የሰበረችው የመጨረሻዋ ጭነት በታኅሣሥ 2017 መጣች። የፒትስበርጉ ጄሲ ጄምስ ኒው ኢንግላንድ ላይ ኳሱን ቀልቦ፣ በጉልበቱ አርፎ፣ ዞር ብሎ ኳሱን የጎሉን መስመር አሻገረው። ለማሸነፍ የቀረው 28 ሰከንድ ነው። ሜዳው ሁሉ ጨፈረ። ከዚያ ሪፕሌይ፦ መስመሩን ካለፈ በኋላ ኳሱ መሬት ላይ ትንሽ ተንሸራቷል። ተሻረ። ኒው ኢንግላንድ 27 ለ 24 አሸነፈ።

ይሄኛው ሰውን ያበሳጨበት የተለየ ምክንያት አለው። በፉትቦል ኳስ ይዞ የሚሮጥ ሰው የጎሉን መስመር በኳሱ ጫፍ እንኳ ከነካ በቃ፤ ስድስት ነጥብ ነው። ከዚያ በኋላ ቢጥለው ግድ የለም። ጄምስ ግን ገና ሯጭ አልሆነም ተባለ። ገና ቀላቢ ነው። እየወደቀ ስለነበር መያዙ አላለቀም፤ መያዙ ካላለቀ መስመሩን ማለፉ ዋጋ የለውም። በሕግ ቋንቋ ስታየው እንከን የለውም። በጤነኛ ዓይን ስታየው ደግሞ ሰውየው ኳሱን ይዞ ሁለተኛ ሥራ እየሠራበት ነው። ያልያዘውን ነገር እንዴት ወደ ፊት ይዘረጋዋል? የአባባ ጥያቄ ናት።

በመጋቢት 2018 የሊጉ 32 ባለቤቶች በአንድ ድምፅ ደንቡን ቀየሩት። የመውደቁ ነገር ወጣ። ሦስተኛው ነጥብ ላይ «ወደ ፊት መዘርጋት» የሚለው የገባው ለእነ ጄምስ ነው ብንል አንሳሳትም። ከለውጡ በፊት የደንብ ኮሚቴው ሰዎች የጆንሰንም የብራያንትም መያዝ መባል እንደነበረበት እንደሚስማሙ ተናግረው ነበር። ለዲትሮይትና ለዳላስ ደጋፊ መቼም ይሄ ከለቅሶ በኋላ የመጣ እዝን ነው።

ታዲያ የአባባው ልጅ ለምን ቀረበት? ምክንያቱም እሱ ሦስተኛዋን አላሟላም። አየር ላይ ቀለበ፤ በጎኑ አረፈ፤ በዚያው ቅጽበት ኳሱ ሾለከ። አልከተተውም፣ አልዘረጋውም፣ አልተራመደም፣ ለዚያ የሚሆን ጊዜም አልነበረውም። የመውደቅ ደንብ በስም ቢወጣም መሬት አሁንም ፈታኝ ናት።

አንድ ሌላ ነገር ብዙ ሰው ይሳሳታል። ኳሱ መሬት ስለነካ ብቻ ጨዋታው አይሞትም። በእጅህ አጥብቀህ እንደያዝከው ጫፉ ሣሩን ቢነካ ችግር የለም፤ መሬቱ ኳሱን ለመያዝ ካልረዳህና ከቁጥጥርህ ካልወጣ ይጸድቃል። ይሄም በሰው ዕንባ የመጣ ደንብ ነው። በጥር 2000 የታምፓ ቤይው በርት ኢማኑኤል በግማሽ ፍጻሜው የቀለበው ኳስ መሬት ነክቷል ተብሎ ተሻረበት፤ ቡድኑ በሴንት ሉዊስ 11 ለ 6 ተሸነፈ። ከዚያ በኋላ ደንቡ ተብራራ፤ ሰዉም እስከ ዛሬ በኢማኑኤል ስም ይጠራዋል።

ሁለት ሰው እኩል ቢቀልበውስ? አንዱ ከወርዋሪው ቡድን፣ አንዱ ከተከላካዩ? ኳሱ የወርዋሪው ቡድን ነው። ግን እኩል መሆን አለበት። አንዱ ቀድሞ ከተቆጣጠረው በኋላ ሌላው መጥቶ ቢያቅፈው እኩል አይባልም። በመስከረም 2012 መደበኛ ዳኞቹ ከሊጉ ጋር ተጣልተው በሌሎች በተተኩበት ሰሞን፣ ሲያትል በመጨረሻዋ ቅጽበት ጎሉ ውስጥ ወረወረ። የግሪን ቤዩ ኤም ዲ ጄኒንግስ ኳሱን ደረቱ ላይ አቀፈ፤ የሲያትሉ ጎልደን ቴት ደግሞ ክንዱን አስገብቶ ተጣበቀበት። አንድ ላይ ወደቁ። ሁለት ዳኞች ጎን ለጎን ቆመው ተመለከቱ። አንዱ ሁለት እጁን ወደ ላይ ሰቀለ፤ ጎል ነው። ሌላው እጁን አወናጨፈ፤ ሰዓት ይቁም። ያቺ ፎቶ በዓለም ዞረች። ሲያትል 14 ለ 12 አሸነፈ፤ በሁለት ቀን ውስጥ ሊጉ ከመደበኛ ዳኞቹ ጋር ታረቀ። ተጣልቶ የከረመን ሰው በሁለት ቀን የሚያስታርቅ ሽማግሌ አልተገኘም፤ አንድ ኳስ ግን አስታረቀ።

ቤዝቦል ላይ ስንደርስ አየሩ ይቀየራል።

በቤዝቦል መቺው ኳሱን በዱላ ወደ ላይ መትቶ፣ ከተከላካዮቹ አንዱ መሬት ሳይነካ ከቀለበው፣ መቺው ወጣ። አውት ይሉታል። ካልተያዘ ኳሱ በሕይወት አለ፤ መቺው ወደ መጀመሪያው ቤዝ፣ ማለትም ሯጭ ረግጦ ወደሚቆምበት ማረፊያ፣ ይሮጣል። እዚህ ፈምብል የሚባል ነገር የለም። ኳሱን ቀልቦ ሜዳው ላይ ቢያሯሩጠው የሚነጥቀው ሰው የለም። ስለዚህ የቤዝቦል ደንብ አውጪ «ከዚህ በኋላ ሯጭ ነው» የሚል ጣጣ የለበትም። ጥያቄው አንድ ብቻ ነው፤ በእርግጥ ተቆጣጥሮታል ወይ?

የሰጡት መልስ ደስ ይላል። ተከላካዩ ኳሱን በእጁ ወይም በጓንቱ አጥብቆ መያዝ አለበት፤ ሙሉ ቁጥጥር እንዳለው እስኪታወቅና የለቀቀውም በፈቃዱና አስቦበት መሆኑ እስኪታይ ድረስ። እስቲ ልብ በሉት። ስንት ሰከንድ አላሉም። ስንት እርምጃ አላሉም። ስንት እግር አላሉም። ሐሳቡን ነው የጠየቁት፦ ፈልገህ ነው የለቀቅከው ወይስ አምልጦህ? ፉትቦል እግርህን ያያል፤ ቤዝቦል ልብህን ይመረምራል። እኔ የቤዝቦሉ ይበልጥብኛል።

በዚህ ምክንያት ቀልቦ ወዲያው ከሌላ ተጫዋች ወይም ከግድግዳ ጋር ተላትሞ ኳሱ ከወጣበት አልያዘም። ወድቆ ቢያመልጠውም እንደዚያው። ግን ቀልቦ፣ ለመወርወር ኳሱን ከጓንቱ ወደ ሌላኛው እጁ ሲያዘዋውር ቢያመልጠው? ያዘ ይባላል፤ ምክንያቱም መወርወር ጀምሯል፣ ከጓንቱ ያወጣው በፈቃዱ ነው። በ2014 መጀመሪያ ሪፕሌይ በሰፊው ሲገባ ዳኞች ይሄን ጠበቅ አድርገው መተርጎም ጀመሩ፤ ኳሱ ሌላኛው እጅ ላይ ካልደረሰ አልተያዘም አሉ። ሁለት ሦስት እርምጃ ሄዶ ኳሱን ከጓንቱ ሲያወጣ የጣለ ሰው ሁሉ አልያዝክም ተባለ። ጩኸቱ በረታ። ሊጉ በሚያዝያ፣ ወሩ ሳያልቅ፣ ወደ ድሮው መለሰው። ካሜራው ሲበዛ ዳኛው ብልሃቱን ይረሳል መሰለኝ።

በምን እንደምትቀልብም ቤዝቦል ይቆጣጠራል። በቆብ አይቻልም። በኪስ አይቻልም። በሸሚዝ እቅፍ አይቻልም። ጓንትህን አውልቀህ ወደ ኳሱ ብትወረውርና ብታገኘው፣ መቺው ሦስት ቤዝ በነፃ ይሰጠዋል። ብትስት ግን ቅጣት የለም። ኳሱ አንዱን ተከላካይ ነክቶ ነጥሮ፣ መሬት ሳይነካ ሌላው ቢቀልበው ይጸድቃል። አጥር ወይም ዳኛ ነክቶ ከተቀለበ ግን አይጸድቅም። ነጥሮ ያለቀበትም አለ፤ በ1993 የቴክሳሱ ሆሴ ካንሴኮ ክሊቭላንድ ላይ ሊቀልብ ወደ ኋላ ሲሮጥ ኳሱ ጭንቅላቱን መትቶ አጥሩን ተሻገረ። ለመቺው ሆም ረን፣ ማለትም ቤዞቹን ሁሉ ዞሮ ነጥብ የሚያገኝበት ምት፣ ተቆጠረለት። ቴስታ እንበለው።

ከዚህ ቀጥሎ ለእኔ የቤዝቦል ብልጠት የሚታይበት ቦታ ነው። ኳሱ አየር ላይ እያለ ቤዝ ላይ የቆሙ ሯጮች መጠበቅ አለባቸው። ከተቀለበ በኋላ ነው መሮጥ የሚችሉት። ግን ደንቡ «ከተያዘ በኋላ» አይልም፤ ተከላካዩ መጀመሪያ ከነካው ቅጽበት ጀምሮ ነው። ለምን? «ከተያዘ በኋላ» ቢል ኖሮ አንዱ አራዳ ኳሱን በጓንቱ እያንጠባጠበ፣ ሳይይዘው፣ እየሮጠ ወደ ሜዳው መሃል ይመጣ ነበር። ሯጩም ቆሞ ያያል። ደንቡ ያን ቀዳዳ ደፈነው። እዚህ ላይ መቅለብና መያዝ በሕግ ተለያይተዋል ማለት ነው፤ ለሯጩ መንካቱ ይበቃል፣ ለመቺው መያዙ ያስፈልጋል።

ካቸሩም የራሱ መከራ አለበት። ከመቺው ጀርባ ቁጢጥ ብሎ ከፒቸሩ፣ ለመቺው ከሚወረውረው ልጅ፣ የሚመጣውን ኳስ የሚቀልበው ነው። መቺው ለሦስተኛ ጊዜ ኳሱን ሲስት፣ ሦስተኛ ስትራይክ ይሉታል፣ ወጣ ብለን እንለምዳለን። እንደዚያ አይደለም። ካቸሩ ያቺን ኳስ መያዝ አለበት። ካመለጠችውና የመጀመሪያው ቤዝ ባዶ ከሆነ፣ ወይም ቀድሞ ሁለት ሰው ወጥቶ ከሆነ፣ መቺው መሮጥ ይችላል። በ1941 ወርልድ ሲሪስ በሚባለው የቤዝቦል ፍጻሜ አራተኛ ጨዋታ ብሩክሊን ያንኪስን 4 ለ 3 እየመራ ነበር። የመጨረሻው ኢኒንግ፣ ማለትም ዙር፣ ነው፤ ሁለት ሰው ወጥቷል፣ ቶሚ ሄንሪክ ሦስተኛውን ስትራይክ ሳተ። አለቀ። ግን ኳሱ ከካቸሩ ከሚኪ ኦወን ጓንት አምልጦ ሄደ። ሄንሪክ ሮጦ ቤዝ ደረሰ። ያንኪስ በዚያው አራት ነጥብ አስቆጥረው 7 ለ 4 አሸነፉ፤ በማግስቱ ዋንጫውን ወሰዱ።

አሁን ደግሞ ሁሉንም የሚገለብጠውን ደንብ ልንገራችሁ። ኳሱ ሳይያዝ መቺው የሚወጣበት አለ። ኢንፊልድ ፍላይ ይባላል፤ ከ1890ዎቹ ጀምሮ ያለ ነው። ለማስረዳት አስቸጋሪ ነው ይባላል፤ ምክንያቱን ከተረዱት ግን ቀላል ነው። አንደኛና ሁለተኛ ቤዝ ላይ ሯጮች አሉ እንበል፤ የወጣው ሰው ከሁለት በታች ነው። መቺው ኳሱን በቀላሉ የሚቀለብ አድርጎ ወደ ላይ ሰቀለው። ሯጮቹ ይቀለባል ብለው ቤዛቸው ላይ ቆመዋል። አሁን ተከላካዩ ተንኮለኛ ከሆነ ሆን ብሎ ኳሱን ይተወዋል። ኳሱ መሬት ከነካ ሯጮቹ ቤዛቸውን ለቀው ለመሮጥ ይገደዳሉ፤ መቺው እየመጣ ነዋ። ዘግይተዋል። ተከላካዩ ኳሱን አንስቶ በአንድ ሰው ፋንታ ሁለት ሰው ያስወጣል። አለመያዝ ከመያዝ የበለጠ ያተርፋል ማለት ነው።

ይሄን እንዳያደርግ ዳኛው ኳሱ ገና አየር ላይ እያለ እጁን ሰቅሎ መቺው ወጥቷል ይላል። ተያዘም አልተያዘም። መሥፈርቱ በሜዳው ውስጠኛ ክፍል የሚጫወት ተከላካይ «በተራ ጥረት» ሊቀልበው የሚችል መሆኑ ነው። ጥረቱ ተራ ይሁን አይሁን የሚወስነው ዳኛው ነው። ጣጣውም እዚያ ላይ ነው።

በጥቅምት 2012 አትላንታ ብሬቭስ በሜዳው ከሴንት ሉዊስ ጋር አንድ ጨዋታ ብቻ ያለበት ጥሎ ማለፍ ገጠመ። ስምንተኛው ኢኒንግ ነው፤ አትላንታ 6 ለ 3 እየተመራ ነው፤ ሁለት ሯጭ አለው። አንድሬልተን ሲመንስ ኳሱን ወደ ላይ መታው። የሴንት ሉዊሱ ፒት ኮዝማ ወደ ኋላ፣ ወደ ኋላ ሄደ፤ ውስጠኛውን ክፍል ለቅቆ ሣሩ ውስጥ ገባ። እጁን ሰቀለ፣ የኔ ነው አለ፣ ከዚያ ድንገት ሸሸት አለ። ኳሱ በእሱና ከኋላ በመጣው ጓደኛው መሃል ዱብ አለ። አትላንታ ጮቤ ረገጠ፤ ሦስቱም ቤዝ ሞላ። ግን ዳኛው ሳም ሆልብሩክ ኳሱ ሊያርፍ ሲል እጁን ሰቅሎ ነበር። ኢንፊልድ ፍላይ። መቺው ወጣ። ሕዝቡ ጠርሙስና ቆሻሻ ሜዳው ላይ አዘነበ፤ ጨዋታው 19 ደቂቃ ቆመ። አትላንታ ክስ አቀረበ፤ ውድቅ ሆነ። ውጤቱም 6 ለ 3 እንዳለ ጸና።

ዳኛው ተሳስቷል? በቃል ደረጃ አልተሳሳተም፤ ደንቡ ተከላካዩ የት እንደቆመ አይጠይቅም። ግን ደንቡ የወጣው ተንኮልን ለመከላከል ነው። እንደዚያ ርቆ የወደቀ ኳስ ላይ ሁለት ሰው ማስወጣት ዘበት ነው። ተንኮል በሌለበት የተንኮል መድኃኒት ሰጠ። እኔ በዳኛው ቦታ ብሆን እጄን ኪሴ ውስጥ እከተው ነበር።

አባባ በጥር ወደ አገር ቤት ከመመለሳቸው በፊት አትላንታ ያለችው እህቴ ጋር ለአንድ ሳምንት ሄዱ። አንድ ቀን ደወሉልኝ። እህቴ በመኪና ስታዞራቸው አንድ ስታዲየም አጠገብ አቁማ «ይሄ ሃይሌ የሮጠበት ነው» ብላቸዋለች። እውነቷን ነው። በ1996 ሃይሌ ገብረሥላሴ በ10,000 ሜትር ፖል ቴርጋትን የቀደመው፣ ፋጡማ ሮባም ማራቶኑን የጨረሰችው እዚያ ነው። ከኦሊምፒኩ በኋላ ከፊሉ ፈርሶ የቤዝቦል ሜዳ ሆነ፤ ያ የ2012ቱ ኳስ የወደቀውም እዚያው ነው። ብሬቭስ በ2016 መጨረሻ ለቅቀውት ሄዱ። ከ2017 ጀምሮ የጆርጂያ ስቴት ዩኒቨርሲቲ ፉትቦል ይጫወትበታል።

ይሄን ሁሉ በስልክ ነገርኳቸው። ስለ ሃይሌ ስናወራ ድምፃቸው ሞቅ አለ። ስለ ቤዝቦሉ ስናገር «እህ» እያሉ ነው። ፉትቦሉ ላይ ስደርስ ግን አቋረጡኝ።

«ዩኒቨርሲቲ ነው አልክ?»

«አዎ አባባ፣ የኮሌጅ ነው።»

«እንግዲያማ አንድ እግር ይበቃዋላ» አሉ።